ካሜራ በዶርዜ ምን ያነሣል?

ከአርባ ምንጭ ወደ ጨንቻ በሚያወጣው መንገድ ዶርዜ የደረሰ ካሜራ ሁሉ ሳያነሣው የማያልፈው ነገር አንድ ነው፤ ይኸውም የዝሆን ራስ የሚመስለው ረጅሙ የቀርከሃ ቤት ነው። ቤቱ መነሣቱን አንቃወምም፤ የሚያኮራ የእጅ ጥበብ ነውና። የምንቃወመው ባለቤቱ ሸማኔ ከቤቱ ጋር እንደ ጌጥ መታየቱን ነው። ፊልም አንሺ የሚያየውን ይመርጣል፤ በመረጠም ጊዜ ወገን ይይዛል።

ለዚህ ምስክር የሚሆነን ኢጣልያዊው ፊልም አንሺ ማርዮ ማዚኒ ነው። በ1928 ዓ.ም. የኢጣልያ ካሜራ ወደ አገራችን የመጣው የፋሽስትን ጦር ተከትሎ፣ ወረራውን ሊያሞግስ ነበር። ማዚኒ ግን ካሜራውን ከተበደለው ጎን አቆመ። የታቪያኒ ወንድማማቾች ያዘጋጁትን፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1977 በካን የወርቅ ዘንባባ የተሸለመውን «ፓድሬ ፓድሮኔ»ን ያነሣ እርሱ ነው። ታሪኩ አባቱ ከትምህርት ቤት አውጥቶ በግ ጠባቂ ያደረገው የሰርዲንያ ልጅ ታሪክ ነው። በ2008 ለሕዝብ የቀረበውን የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ»ም ያነሣ ይኸው ሰው ነው፤ በዚያም የደርግን የውትድርና አፈሳ ሸሽተው በዋሻ የተደበቁ የገጠር ልጆች እናያለን።

እንግዲህ እንጠይቅ። ያ የሰርዲንያ ልጅ በጋሞ ደጋ የለምን? «ትማራለህ» ተብሎ ወደ አዲስ አበባ ተወስዶ፣ ከንጋት እስከ ሌሊት እግሩን በሽመናው ጉድጓድ ከትቶ መወርወሪያ ሲወረውር የሚውለው ሕፃን ስንት ነው? እኛስ ለበዓል የምንለብሰውን ጥለት ማን እንደ ሠራው፣ ስንት እንደ ተከፈለው ጠይቀን እናውቃለን?

አንዳንዶች እንዲህ ያለው ፊልም አገር ያሰድባል ይሉናል። አገር የሚያሰድበው የሕፃኑ ከትምህርት መቅረት ነው፤ መደበቁም በደሉን ያረዝመዋል። የሰርዲንያው እረኛ ጋቪኖ ሌዳ ኋላ ተምሮ የቋንቋ ምሁር ሆነ፤ ፊልሙም የተወሰደው እርሱ ራሱ ስለ ሕይወቱ ከጻፈው መጽሐፍ ነው። የዶርዜም ልጅ ነገ የራሱን ታሪክ እንዲናገር ዛሬ ፊደል ሊቆጥር ይገባዋል።

ካሜራ የያዛችሁ ወንድሞችና እኅቶች ሆይ! ቤቱን አንሡ፤ ነገር ግን ከደጅ አትመለሱ። ጥጥ ከምትፈትለው እናት አጠገብ ተቀመጡ፤ ሸማኔውን በገዛ ቋንቋው አናግሩት፤ ስለ ሥራውም ስለ ዋጋውም ይናገር። ፊልሙንም አስቀድማችሁ ለእነርሱ አሳዩአቸው።