ይቺን ቁረጣት

«ይቺን ቁረጣት።»

የዛሬ ስድስት ዓመት ነው። አንድ መሥሪያ ቤት ገጠር ያሠራውን የውሃ ቦኖ ሲያስመርቅ «ዶክመንተሪ» እንድሠራለት ቀጠረኝ። ሪባን ተቆረጠ፣ ተጨበጨበ፣ ውሃው ተንፎለፎለ፣ እንግዶቹ እጃቸውን እየታጠቡ ፎቶ ተነሡ። የመኪኖቻቸው አቧራ ሳይሰክን ቧንቧው ሦስቴ አስሎ ዝም አለ። ካሜራዬ አልተዘጋም ነበር። ቢጫ ጄሪካን የደቀኑ አንዲት እናት ዞር አሉና «ልጄ፣ ለካ ውሃውም እንግዳ ኖሯል፤ ከእናንተ ጋር መጥቶ ከእናንተ ጋር ሄደ» አሉኝ።

ከቀረጽኩት ሁሉ ምርጧ ያቺ አርባ ሰከንድ ናት። ኤዲት ሳደርግ የሕዝብ ግንኙነት ኃላፊው ከጀርባዬ ቆሞ አያትና ትእዛዙን ሰጠ። ቆረጥኳት። የቤት ኪራይ ነበረብኝ። ስለዚህ እኔም ከደሙ ንጹህ አይደለሁም።

ግን ዝምታውም ይብቃ! «ዶክመንተሪ» የሚለውን ቃል አርክሰነዋል። የመሥሪያ ቤት ምሥረታ በዓል ላይ የሚታይ ሙገሳ ዶክመንተሪ ይባላል። ፍርድ ቤት ያልፈረደበትን ሰው በቴሌቪዥን ወንጀለኛ የሚያደርግ ክስም ዶክመንተሪ ይባላል። አዝማሪ እንኳ ከእኛ ይሻላል፤ ሸላሚውን እያሞገሰ በቅኔ ሸንቆጥ ያደርገዋል። እኛ ሰሙን ብቻ ሸጥን።

«ታዲያ እውነተኛውን ማን ከለከለህ?» ትሉኝ ይሆናል። ሒሳቡ ከለከለኝ። ጄሲካ በሽር «ፋያ ዳዪ» የተባለውን ፊልሟን ለመሥራት አሥር ዓመት ያህል ወደ ሐረር ተመላልሳለች። ካሜራውን የያዘችው ራሷ ናት። የጫትን ምድር በጥቁርና ነጭ ቀርጻ በ2021 እ.ኤ.አ. ሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል አደረሰችው። ሳሌም መኩሪያ ወንድሟንና ጓደኛዋን የበላውን አብዮት በ1997 እ.ኤ.አ. «የወንዝ ማዕበል» ብላ ሠራችው። ኃይሌ ገሪማ «ሳንኮፋ»ን አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍልለት ቢያጣ አዳራሽ እየተከራየ በየከተማው አሳየው፤ በ1999 እ.ኤ.አ. ደግሞ «አድዋ»ን ሰጠን።

በእነሱ እንኮራለን፣ ፖስተራቸውን እንለጥፋለን። ግን ኃይሌ ለአሥርት ዓመታት ሲያስተምር የኖረው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ፣ ሳሌምም ዌልስሊ ኮሌጅ ነው። እንጀራቸው ከዚያ ነበር። እዚህ ያለው ፊልም ሠሪ እንጀራው የቅዳሜና እሑድ ሠርግ ነው። ኬክ ሲቆረስ ቀርጾ፣ በዚያው ገንዘብ ሰኞ ባትሪና ሃርድ ዲስክ ገዝቶ ገጠር ይወርዳል። ወረዳው «ደብዳቤ አምጣ» ይለዋል። ደብዳቤ የሚጽፍለት ደግሞ መሥሪያ ቤት ያለው ብቻ ነው። ሠርቶ ሲመለስ ጣቢያው አይገዛውም፤ እንዲያውም የአየር ሰዓቱን ራሱ እንዲከፍል ይጠየቃል።

«ተመልካች የለውም» የሚል መልስ ሰልችቶኛል። ያልቀረበለትን ማን ይመልከት? ጣቢያዎች፣ በሳምንት አንድ ምሽት ስጡትና እዩት። ክፈሉትም! ጽናቱን ማድነቅ ኪራይ አይከፍልም። መሥሪያ ቤቶችም ሙገሳ መግዛት መብታችሁ ነው፤ ስሙን ግን ማስታወቂያ በሉት።

ያቺ አርባ ሰከንድ ዛሬ የለችም። ውሉ ላይ ጥሬ ቀረጻውን በሙሉ ሳታስረክብ፣ ቅጂም እንደሌለህ ሳትፈርም የመጨረሻው ክፍያ አይለቀቅም ይላል። አስረከብኩ፣ ፈረምኩ። ካሜራ ያነሣህ ወንድሜ፣ ያነሣሽ እኅቴ፣ ከመፈረማችሁ በፊት ያቺን አንቀጽ አንብቧት፤ ማስቆረጥ ያለባችሁ እሷን ነው።