ሕንፃው ባለ አምስት ኮከብ፣ ደመወዙስ ባለ ስንት?

አንድ ሆቴል ለሽያጭ ሲቀርብ ደላላው የሚደረድራቸው ነገሮች የታወቁ ናቸው። ስንት ክፍል እንዳለው፣ በስንት ካሬ ላይ እንዳረፈ፣ ሊፍቱ የየት አገር ሥሪት እንደሆነ፣ ጄኔሬተሩ ምን ያህል ጉልበት እንዳለው፣ ምድር ቤቱ ስንት መኪና እንደሚይዝ፣ የባንክ ዕዳ ካለበትም ምን ያህል እንደቀረ አንድ በአንድ ይቆጠራል። ገዥውም አንገቱን እየነቀነቀ ያዳምጣል፤ ኮርኒሱን ቀና ብሎ ያያል፤ የመታጠቢያ ቤቱን ቧንቧ ከፍቶ ይዘጋል። ወጥ ቤት ውስጥ የቆመው ሰው ስንት ዓመት እንደሠራ፣ ከርሱ በፊት የነበረው ለምን እንደሄደ፣ እንግዳ ተቀባይዋ በወር ስንት እንደሚከፈላት የሚጠይቅ ግን እምብዛም አይገኝም።

በየካ ክፍለ ከተማና በእንጦጦ ሥር ባለው የሆቴል ገበያ ላይ የተደቀነው ጥያቄ ይኸው ያልተጠየቀው ነው። ሕንፃው ይወጣል፤ መስታወቱ ይገጠማል፤ ኮከቡ ይሰቀላል። ሕንፃውን ሆቴል የሚያደርገው ሰው ግን ከዕቃው ሁሉ ርካሽ ተደርጎ ይታሰባል። ገበያው ትርፉንም ኪሳራውንም የሚያጣው እዚህ ላይ ነው።

ሦስት ገበያ በአንድ ክፍለ ከተማ

በየካ አንድ የሆቴል ገበያ አለ ማለት ያስቸግራል። ቢያንስ ሦስት ናቸው።

የመጀመሪያው ከመገናኛ በኃይሌ ገብረ ሥላሴ ጎዳና ወደ ሃያ ሁለት ማዞሪያ በሚወስደው መንገድ፣ የካና ቦሌ በሚዋሰኑበት መስመር ግራና ቀኝ የተሰለፈው ነው። ባለ ኮከቦቹ በብዛት የሚታዩት እዚህ ነው። እንግዳው የስብሰባ ሰው፣ የእርዳታ ድርጅት ባልደረባ ወይም ከውጭ አገር ዘመድ ሊጠይቅ የመጣ ትውልደ ኢትዮጵያዊ ነው፤ የአልጋው ዋጋም በዶላር ይነገራል።

ሁለተኛው ከመገናኛ ጀርባ፣ ከሾላ ገበያ ዙሪያ አንስቶ እስከ ኮተቤ የተዘረጋው የፔንሲዮንና የእንግዳ ማረፊያ ገበያ ነው። መገናኛ የከተማዋ ታላቅ የትራንስፖርት መጋጠሚያ እንደመሆኑ ከክፍለ ሀገር ዕቃ ሊገዛ የመጣው ነጋዴ፣ ታማሚ ይዞ የመጣው አስታማሚ፣ ጉዳይ ሊያስፈጽም የመጣው ባለጉዳይ አልጋ የሚይዘው በዚሁ አካባቢ ነው። ክፍያው በብር ነው፤ ክርክሩም በአምሳና በመቶ ብር ልዩነት ነው።

ሦስተኛው ሽቅብ የሚታየው እንጦጦ ነው። 1,300 ሄክታር ገደማ የሚሸፍነው የእንጦጦ ፓርክ መስከረም 30 ቀን 2013 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ ተራራው ገበያ ሆኗል። ኩሪፍቱ በዚያው በፓርኩ ውስጥ ገብቶ ማረፊያና መዝናኛ ከፍቷል፤ ካፌውና ምግብ ቤቱ ተከትሏል። ይሁን እንጂ የተራራው ገበያ የቅዳሜና የእሑድ፣ የበዓልና የበጋ ገበያ ነው። ሰኞ ጠዋት ላይ ወንበሩ ባዶ ነው፤ ሐምሌና ነሐሴ ሲገቡ ደግሞ ጭጋጉ ከእንግዳው ይበልጣል።

ሦስቱም ገበያዎች ሠራተኛ ይቀጥራሉ። የሚቀጥሩበት መንገድ ግን በአንድ ነገር ይመሳሰላል፤ የገበያውን ውጣ ውረድ ከባለቤቱ ትከሻ አውርደው በሠራተኛው ላይ ይጭናሉ።

ዶላሩ ሲወጣ ማን አብሮ ወጣ?

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ብሔራዊ ባንክ የውጭ ምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ሲለቅ አንድ ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። ሳምንታት ሳይቆይ ከ100 ብር አለፈ። በ100 ዶላር የምትከራይ ክፍል ያላት ሆቴል ከአንዲት ሌሊት 5,700 ብር ታገኝ የነበረው ከ10,000 ብር በላይ ሆነላት ማለት ነው። ለዚህ አልጋ አልተጨመረም፤ አንሶላ አልተለወጠም።

እርግጥ ነው፣ ወጪም አብሮ ተነስቷል። የወጥ ቤት ዕቃው፣ የሊፍቱ መለዋወጫ፣ የጄኔሬተሩ ነዳጅ፣ የውጭው መጠጥ ሁሉ ዶላርን ተከትሎ ይሄዳል። ዶላርን ተከትሎ የማይሄደው የሠራተኛው መነሻ ደመወዝ ብቻ ነው። የጤፉና የዘይቱ ዋጋ፣ የቤት ኪራዩና የታክሲው ሒሳብ ግን ለሠራተኛው አልቆሙለትም።

የኮተቤና የሾላው ፔንሲዮን ደግሞ ከዶላሩ መውጣት የደረሰው ወጪው ብቻ ነው። እንግዳው በብር ከፋይ በመሆኑ አልጋው ላይ እንደልብ ዋጋ መጨመር አይቻልም፤ ነጋዴው ተነስቶ ወደሚቀጥለው በር ይሄዳል። በመሆኑም እንዲህ ያለው ቤት ሲጨንቀው የሚቆርጠው ከሰው ነው። የሁለት ሰው ሥራ ለአንድ ይሰጣል፤ አልጋ አንጣፊዋ ልብስ አጣቢም ትሆናለች፤ የሌሊት ዘበኛው እንግዳ መዝጋቢ ይሆናል።

አሥር ከመቶው የማን ነው?

በባለ ኮከቦቹ ሆቴሎች የሠራተኛው ኑሮ የተንጠለጠለው በሰርቪስ ቻርጅ ላይ ነው። እንግዳው ሒሳቡን ሲቀበል በሒሳቡ ላይ 10 ከመቶ የአገልግሎት ክፍያ ይታከላል፤ 15 ከመቶ የተጨማሪ እሴት ታክስም ይጨመራል። ታክሱ ወደ መንግሥት ይሄዳል። አሥር ከመቶው ተጠራቅሞ እንደየሥራው ደረጃ ለሠራተኛው ይከፋፈላል። ገበያው ደህና በሆነበት ወር ይህ ገንዘብ ከመነሻ ደመወዙ በልጦ ሊገኝ ይችላል። ቀጣሪውም ሰው ሲቀጥር ‹‹ደመወዙ ትንሽ ነው፤ ሰርቪስ ቻርጁ ግን ጥሩ ነው›› ማለትን ለምዷል።

ነገሩ ጥሩ የሚመስለው እስከ ወር መጨረሻ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ስለ ደመወዝ በሚደነግግበት በአንቀጽ 53 ላይ ከደንበኞች የሚሰበሰብ የአገልግሎት ክፍያ እንደ ደመወዝ እንደማይቆጠር ይናገራል። የዚህች አጭር ሐረግ ውጤት ረጅም ነው። የትርፍ ሰዓት የሚሰላው በደመወዝ ነው። ጡረታም የሚሰላው በደመወዝ ነው።

ለምሳሌ ያህል መነሻ ደመወዙ 4,000 ብር፣ የሰርቪስ ቻርጅ ድርሻው 6,000 ብር የሆነ አስተናጋጅ ይታሰብ። በእጁ የሚገባው 10,000 ብር ይጠጋል። በግል ድርጅት ሠራተኞች ጡረታ ሕግ መሠረት አሠሪው 11 ከመቶ፣ ሠራተኛው 7 ከመቶ ያዋጣሉ፤ ሁለቱ ተደምረው ከ4,000 ብር ላይ 720 ብር ይሆናሉ። ደመወዙ 10,000 ብር ቢሆን ኖሮ ግን መዋጮው 1,800 ብር በሆነ ነበር። ሰውየው በ10,000 ብር ይኖራል፤ በ4,000 ብር ያረጃል።

የትርፍ ሰዓቱም እንደዚሁ ነው። አንድ ወር በ26 የሥራ ቀን፣ በቀን 8 ሰዓት ቢታሰብ 4,000 ብር ለሰዓት 19 ብር ከ23 ሳንቲም ይደርሳል። ሕጉ ለቀን ትርፍ ሰዓት አንድ ተኩል እጥፍ ስለሚል 28 ብር ከ85 ሳንቲም ይሆናል። አስተናጋጁ ሠርግ ሲያስተናግድ አንድ ሰዓት ተጨማሪ የቆመበት ዋጋ ራሱ በትሪ ይዞ የሚዞረውን ማኪያቶ አይገዛለትም። ለባለቤቱ ሰው ጨምሮ ከመቅጠር ይልቅ ያለውን ማቆየት የሚቀለው በዚህ ስሌት ነው። በሆቴል መንደሩ የሥራ ዕድል ከሕንፃው ፎቅ ጋር እኩል ያላደገበት አንዱ ምክንያትም ይኸው ነው።

የባለንብረቱ አቤቱታ

ባለሆቴሎቹ ለዚህ መልስ አላቸው፤ መልሳቸውም ውኃ የማይቋጥር አይደለም። ሆቴል ባንክ የሠራው ቤት ነው፤ ወለዱ እንግዳ መጣ አልመጣ ይቆጥራል። መነሻ ደመወዝ ከፍ ካለ በክፉ ቀን የሚወርድበት መንገድ የለም። ሰርቪስ ቻርጅ ግን ከገበያው ጋር ራሱ ይወጣል፤ ራሱ ይወርዳል። ‹‹በ2012 ያየነውን አትርሱ›› ይላሉ።

እንግዲያው 2012 ይታወስ። መጋቢት 4 ቀን የመጀመሪያው የኮሮና ሕመምተኛ በአገሪቱ መገኘቱ ሲነገር ሆቴሎቹ በቀናት ውስጥ ባዶ ሆኑ። መንግሥት በአስቸኳይ ጊዜ አዋጁ ሠራተኛ እንዳይባረር ከለከለ፤ ለሆቴሎችም በዝቅተኛ ወለድ የሚሰጥ ብድር በብሔራዊ ባንክ በኩል ተመቻቸ። ባለቤቱ ብድር ነበረው። ለሠራተኛው ግን እንግዳው በቀረበት ቀን ከገቢው የሚበልጠው እጅ አብሮ ቀረ፤ ለዚያኛው ግማሽ አበዳሪ አልተገኘም። ከዚያም በሰሜን ጦርነቱ መጣ፤ እስከ ጥቅምት 2015 የፕሪቶሪያ ስምምነት ድረስ የውጭ እንግዳ ፊቱን አዞረ። በነዚያ ዓመታት ከሙያው የወጣው ምግብ አብሳይና እንግዳ ተቀባይ ብዙ ነው። አንዳንዱ ወደ ዱባይና ዶሃ ሄደ፤ አንዳንዱ ሱቅ ከፈተ፤ አንዳንዱ ራይድ ነጂ ሆነ።

ገበያው ሲመለስ ሰውየው አልተመለሰም። ዛሬ በዚህ መስመር አዲስ ሆቴል ሲከፈት መጀመሪያ የሚታየው የጎረቤት ሆቴል ወጥ ቤት መራቆቱ ነው። ጥቂት መቶ ብር ተጨምሮለት ይሻገራል፤ ከስድስት ወር በኋላ ሌላው ደግሞ ይወስደዋል። በእያንዳንዱ ዝውውር የተሰበረው ብርጭቆ፣ የተቃጠለው ሥጋ፣ በስህተት የተያዘው ክፍል፣ ቅር ብሎት የሄደው እንግዳ በየትኛውም የሒሳብ መዝገብ ላይ በስሙ አይጻፍም። ባለቤቱ በደመወዝ ያተረፈ ሲመስለው በሌላ በር ይከፍላል። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይህ ነው።

ከተራራው የወረደ ጥያቄ

እንጦጦ ላይ ነገሩ ሌላ መልክ አለው። በዚያ ተራራ ባሕር ዛፍ ቅጠልና ጭራሮ ተሸክመው ወደ ከተማ የሚወርዱ ሴቶች ለብዙ ዘመን የአዲስ አበባን ምጣድ አግለዋል። ፓርኩ ሲመጣ ለነዚህ እናቶችና ለልጆቻቸው ሥራ ይገኛል የሚለው ተስፋ አብሮ ተነግሯል። የጽዳትና የአትክልት ሥራም ሥራ ነው። ነገር ግን የቅዳሜና የእሑድ ገበያ የቀን ሠራተኛ እንጂ ባለሙያ አያፈራም። በጋውን ጎንበስ ቀና ብላ የሠራች ልጅ ክረምት ሲገባ ‹‹መስከረም ላይ እንጠራሻለን›› ከተባለች፣ መስከረም ላይ የምትገኘው ሌላ ቦታ ነው።

ለዚህ መድኃኒቱ ሩቅ አይደለም። ክረምት እንግዳ የሌለበት ወቅት ከሆነ የሥልጠና ወቅት ማድረግ ይቻላል። አገሪቱ ከ1960ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ የሆቴልና ቱሪዝም ባለሙያ የሚያሠለጥን ተቋም አላት። የተራራው ባለሀብቶች ከተቋሙ ጋር ተስማምተው ክረምቱን በግማሽ ደመወዝም ቢሆን ሠራተኛቸውን ቢያስተምሩ፣ መስከረም ላይ ከደላላ ሰው መፈለግ ይቀርላቸዋል።

ጊዜው አጭር ነው

ይህ ሁሉ ዛሬ የሚነሳበት ምክንያት አለ። ከየካ አጠገብ፣ ሲ.ኤም.ሲ. አካባቢ፣ አዲስ ኢንተርናሽናል ኮንቬንሽን ማዕከል በየካቲት 2017 ዓ.ም. ተመርቋል። የስብሰባው ገበያ ወደ ምሥራቅ ሲሳብ ለመገናኛና ለኮተቤ አልጋ የቀረበ ሲሳይ ነው። ኢትዮጵያ የዓለም የአየር ንብረት ጉባኤ የሆነውን ኮፕ 32ን እ.ኤ.አ. በ2027 እንድታስተናግድ ተመርጣለች። በዐሥር ሺህዎች የሚቆጠር እንግዳ የሚጠራ ጉባኤ ነው። ለዚያ ጊዜ ሕንፃ በችኮላ ማድረስ ይቻል ይሆናል። ጥሩ ምግብ አብሳይ ግን በችኮላ አይደርስም።

እንግዲህ ገበያው ራሱን የሚያርምባቸው መንገዶች አሉ። አንደኛ፣ ከሰርቪስ ቻርጁ ከፊሉ ደረጃ በደረጃ ወደ መነሻ ደመወዝ ይዛወር። አንድ ሦስተኛው እንኳ ቢዛወር ጡረታውም ትርፍ ሰዓቱም ይቃናል፤ ቀሪው ከገበያው ጋር መውጣት መውረዱን ይቀጥላል። ሁለተኛ፣ በየወሩ ምን ያህል ሰርቪስ ቻርጅ እንደተሰበሰበና እንዴት እንደተከፋፈለ በሠራተኛው መግቢያ በር ላይ ይለጠፍ። የማይታይ ገንዘብ ሐሜት ይወልዳል፤ ሐሜት ሠራተኛ ያሸሻል። ሦስተኛ፣ አዋጅ 1156 ዝቅተኛውን የደመወዝ ወለል የሚወስን የደመወዝ ቦርድ በደንብ እንዲቋቋም አዟል። ወለሉ ለሁሉም እኩል ከተነጠፈ በደህና የሚከፍለው ባለሆቴል በማይከፍለው አይቀደምም፤ ስለዚህ የዘርፉ ማኅበራት ሊፈሩት ሳይሆን ሊገፉለት የሚገባ ጉዳይ ነው።

አራተኛው ለገዥና ለደላላ የሚነገር ነው። ነገ በየካ መንገድ ላይ አንድ ሆቴል ለሽያጭ ሲቀርብ ከካርታውና ከሊፍቱ ቀጥሎ የደመወዝ መክፈያ ሰነዱ ይጠየቅ። ከሠራተኛው ስንቱ ሁለት ዓመት እንደቆየ ይታይ። ወጥ ቤቱን በየስድስት ወሩ የሚለዋውጥ ሆቴል ኮከቡ ምንም ያህል ቢሆን ዋጋው መቀነስ አለበት። ይህን ሒሳብ ቀድሞ የጀመረ ደላላ ለገዥው እውነተኛውን ዋጋ ይነግረዋል፤ ኮሚሽኑም ይባረክለታል።