ፈቃድ ወይስ ነፃነት?

በ1911 (እ.ኤ.አ.) እንግሊዝ የተሠራ «ቲሊ ኤንድ ዘ ፋየር ኢንጅንስ» የሚባል ድምፅ አልባ ኮሜዲ አለ። ሁለት ረባሽ ልጃገረዶች የእሳት አደጋ ሠራተኞችን ጋሪ ይዘው ይጠፋሉ፤ የሚያሳድዷቸው ወንዶች ላይ ውሃ ይረጩባቸዋል። ፊልሙ የተሠራው እንድንስቅላቸው ነው እንጂ እንድንረግማቸው አይደለም።

እኛስ ሰቆጣዎች? ነሐሴ 16 ልጃገረዶቹ ሻደያቸውን ወገባቸው ላይ አስረው፣ ከበሮ ይዘው ሲጫወቱ «ባህላችን!» ብለን ፎቶ እናነሳለን። መስከረም ላይ ያችው ልጅ ጮክ ብላ ከሳቀች ግን «ባለጌ!» ትባላለች። ሕጉ 18 ዓመት እያለ ቀድሞ ሊድራት የሚሽቀዳደምም አለ።

ወገን፣ የጥቂት ቀን ነፃነት ፈቃድ እንጂ ነፃነት አይደለም! ሻደይን የምንወድ ከሆነ ልጆቹ ዓመቱን ሙሉ ይማሩ፣ ይሳቁ፣ ትንሽም ይረብሹ።