ፋብሪክ ፋብሪካ አይደለም

ከአርባ ምንጭ ዳገቱን ወጥቶ ዶርዜ የደረሰ እንግዳ፣ ከቀርከሃ ተሸምኖ የቆመውን፣ የዝሆን ፊት የመሰለውን ረጅም ቤት ቀና ብሎ ያያል፤ በእንግሊዝኛ የሚያስተዋውቀው ጽሑፍ ግን «ሃት» ይለዋል። መዝገበ ቃላት ጎጆን እንዲህ ይተርጉመው እንጂ በአማርኛ ጎጆ መውጣት ትዳር መያዝ ነው፤ «ሃት» ሲባል ፈረንጁ የሚታየው ትንሽና ተራ መጠለያ ነው። «ሃውስ» ቢባል ምን ይጎድላል? በንግድ ደብዳቤ ላይ ሲሆን ደግሞ ስህተቱ ገንዘብ ያስከፍላል። የዶርዜ ጋቢ የፋብሪካ ሥራ አለመሆኑን ለውጭ ገዥ ሊያስረዳ የፈለገ ሰው «ኖት ፋብሪክ» ብሎ ቢጽፍ፣ ገዥው የሚረዳው «ጨርቅ አይደለም» ብሎ ነው። ፋብሪካ ከጣልያንኛ የገባ ቃል ነው፤ በእንግሊዝኛ «ፋብሪክ» ጨርቁ፣ «ፋክተሪ» ደግሞ ማምረቻው ነው። «ሃንድሜድ» ስህተት ባይሆንም ሰነፍ ቃል ነው፤ የሸክላ ድስቱም እኮ «ሃንድሜድ» ነው! ሴቶች ፈትለው ወንዶች የሸመኑት ጋቢ «ሃንድስፐን» እና «ሃንድዎቨን» ሊባል ይገባዋል፤ ድሩ የፋብሪካ ክር ከሆነ ግን የመጀመሪያው ቃል ለማጉ ብቻ ይሁን። ከሁሉ የሚከፋው እንሰትን «ፎልስ ባናና» ማለት ነው። ቆጮ ሊሸጥ የወጣ ሰው «ሐሰተኛ» የሚል ቃል ምን ያደርግለታል? ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1790 ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉ ተክሉን «ኤንሴቴ» ብሎታል፤ ሳይንሳዊ ስሙም ዛሬ «ኤንሴቴ ቬንትሪኮሰም» ነው። ደብዳቤ ጸሐፊዎች ሆይ፣ በእንግሊዝኛም «እንሰት» ብላችሁ ጻፉ።