ጫማ ተወልቆ የሚታይ ቴሌቪዥን

ሰሞኑን የራማናንድ ሳጋርን የህንድ ቴሌቪዥን ድራማ «ራማያን» ዩቲዩብ ላይ ማየት ጀምሬአለሁ። የመጀመሪያዎቹን ክፍሎች ያየሁት እየሳቅሁ ነበር። ቀስትና ቀስት ሰማይ ላይ ይላተማሉ፤ ብልጭታቸው ልጅ በከለር የሞነጫጨረው ይመስላል። አንዱ ሲናገር ካሜራው የሰሚዎቹን ፊት በየተራ ያዳርሳል፣ ያውም ሳይቸኩል። የታሪኩ ጀግና፣ አምላኩ ራማ ጋ ሲደርስማ ሙጭጭ ይላል። ነገሩ የገባኝ ቆይቶ ነው። ሂንዱ ቤተ መቅደስ የሚሄደው አምላኩን ለማየት፣ በአምላኩም ለመታየት ነው፤ «ዳርሻን» ይሉታል። ድራማውን ያሳየው የመንግሥት ጣቢያ ስሙ ራሱ «ዱርዳርሻን» ነው፣ ከሩቅ ማየት እንደ ማለት።

እ.ኤ.አ. ከጃንዋሪ 1987 እስከ ጁላይ 1988 እሑድ ጠዋት ድራማው ሲጀምር የህንድ ጎዳና ጭር ይል ነበር። ቴሌቪዥን የሌለው ጎረቤት ቤት ይታደማል። ገላውን ታጥቦ፣ ጫማውን አውልቆ፣ ቴሌቪዥኑ ላይ የአበባ ጉንጉን አጥልቆ፣ ዕጣን አጭሶ የሚቀመጥም ነበር። ራማን የሠራው አሩን ጎቪል አንድ ቀን ሲጋራ ሲያጨስ ያየው ሰው «እኛ እንደ አምላክ እያየንህ አንተ ታጨሳለህ?» ብሎ ቢቆጣው፣ ከዚያ ወዲህ ሲጋራ እንዳልነካ ራሱ ተናግሯል።

ይኼ ፊት የምርጫ ድምፅ እንደሚያመጣ ለመገመት ነቢይ መሆን አያስፈልግም። በ1991 ምርጫ የራማን ሚስት ሲታን የሠራችው ዲፒካ ቺክሊያ ፓርላማ ገባች። ሲታን የሚጠልፈውን ራቫናን የሠራው አርቪንድ ትሪቬዲም በዚያው ምርጫ ገባ። ጠላፊውና ተጠላፊዋ ከአንድ ክልል፣ ከጉጃራት፣ ለአንድ ፓርቲ፣ ለሂንዱ ብሔርተኛው ቢጄፒ! ጎቪል ደግሞ ቆይቶ፣ በ2024፣ ለዚያው ፓርቲ ከሚረት ከተማ ተመርጧል። የያኔው የፓርቲው መሪ አድቫኒ በ1990 ራማ ተወለደበት በሚባለው በአዮድያ ቤተ መቅደስ እንዲሠራ ሲቀሰቅስ አገሩን የዞረው የጥንት ሠረገላ አስመስለው በለበጡት ቶዮታ ነው። በቦታው የነበረው የባብሪ መስጊድ በዲሴምበር 1992 ፈረሰ፤ በተከተለው ሁከትም ብዙ ሰው አለቀ። ድራማ መስጊድ አያፈርስም። ግን ያንን ሠረገላ ሕዝቡ እሑድ እሑድ ሲያየው ከርሞ ነበር።

የታሪክ ምሁሯ ሮሚላ ታፓር ያኔውኑ ሌላ ስጋት ነበራት። ድራማው የተቀዳበት ጥንታዊ ተረክ፣ ራማያና፣ አንድ ሆኖ አያውቅም። የቫልሚኪ የሳንስክሪቱ አለ፣ የካምባን የታሚሉ አለ፣ ቱልሲዳስ በ16ኛው ክፍለ ዘመን በሕዝቡ ቋንቋ የጻፈው አለ፤ ሴቶች በየመንደሩ የሚያዜሙት ደግሞ የሲታን ብሶት ያስቀድማል። መንግሥት ለአገር ሁሉ አንዱን ሲያሳይ ሌላው ይዋጣል ነው ነገሩ። እኔም እንደ እሷ እሰጋለሁ። ግን የጽዳት ሠራተኞቹን ነገር ካነበብኩ ወዲህ ተመልካቹን አፉን ከፍቶ የሚቀበል አድርጌ መቁጠሬን ትቻለሁ።

ድራማው ራማ ድል አድርጎ ሲነግሥ፣ 78ኛው ክፍል ላይ አለቀ። በሰሜን ህንድ ጎዳና የሚጠርጉት ግን ብዙዎቹ ቫልሚኪ የሚባሉ፣ ከዘር ተዋረዱ ግርጌ የተጣሉ ዳሊቶች ናቸው፤ ራማያናን የደረሰውን ጠቢብ ቫልሚኪን እንደ ቅዱሳቸው ያከብሩታል። የእሱ ድርሻ የሚመጣው ደግሞ ከንግሡ በኋላ ነው። ሰው ስላማት ራማ ነፍሰ ጡር ሚስቱን ያባርራታል፤ ጫካ ውስጥ የሚያስጠጋት፣ መንታ ልጆቿን የሚያሳድግላት ቫልሚኪ ነው። እናም ጃላንዳር ላይ ጠራጊዎቹ አድማ መቱ፣ ሌሎች ከተሞችም ተከተሉ። ቆሻሻው ተከመረ። ደመወዝ ይጨመርልን አላሉም፤ ታሪካችን ተቆርጧል፣ ይቀጥልልን ነው ያሉት።

መንግሥትም እሺ አለ። በመንታዎቹ ስም የተሰየመው ተከታዩ ድራማ «ሉቭ ኩሽ» ተሠራ። የአበባ ጉንጉን ባጠለቀው ቴሌቪዥን፣ ያ ካሜራው የማይጠግበው ራማ ሚስቱን በሐሜት የሚያጣበት ታሪክ ታየ። መጨረሻ ላይ ሲታ ቤተ መንግሥት አልመለስም ብላ እናቷን ምድርን ትጠራለች፤ ምድርም ተከፍታ ትቀበላታለች። እኔ ገና እዚያ አልደረስኩም። ቀስቶቹ ናቸው የያዙኝ።