በፉት የተለካ ምስጢር

እ.ኤ.አ. በ1933 የተሠራው «ዘ ጎስት ካሜራ» የተባለ የእንግሊዝ ፊልም 70 ደቂቃ አይሞላም። በትዊክንሃም ስቱዲዮ፣ በጁልየስ ሄገን ፕሮዲዩሰርነትና በኒው ዮርክ ተወላጁ በበርናርድ ቮርሃውስ ዳይሬክተርነት የተዘጋጀ የግድያ ምስጢር ነው። የዘመኑ ርካሽ ፊልሞች «ኮታ ኩዊኪ» እየተባሉ ሲናቁ ኖረዋል፤ አብዛኞቹም ንቀቱ ይገባቸዋል። ይህኛው ግን ቅርጹን ያገኘው ከዚያው ከድህነቱ ነው።

ድህነቱ ከሕግ የመጣ ነበር። በ1927 የወጣው የፊልም ሕግ የሆሊውድን የበላይነት ለመግታት አስቦ፣ አከፋፋዮችና ሲኒማ ቤቶች ከሚያቀርቡት የተወሰነው የእንግሊዝ ሥራ እንዲሆን አስገደደ። የአከፋፋዮች ድርሻ ከ7.5 በመቶ ተነሥቶ ቀስ በቀስ 20 በመቶ እንዲደርስ ታቅዶ ነበር። ሕጉ የሚለካው የፊልሙን ርዝመት ነው፤ ስለ ጥራቱ የሚለው አልነበረም። ስለዚህ የአሜሪካ ኩባንያዎች የለንደን ቅርንጫፎች ለአንድ ፉት አንድ ፓውንድ ገደማ እየከፈሉ ግዴታቸውን በርካሽ መወጣት ያዙ። የድምፅ ፊልም በደቂቃ 90 ፉት ይፈጃል። በዚህ ሒሳብ የአንድ ሰዓት ከምናምን ፊልም፣ የፕሮዲዩሰሩ ትርፍ ሳይቀር፣ ከ6,000 ፓውንድ ብዙ በማይርቅ ገንዘብ ማለቅ ነበረበት።

ለእንዲህ ያለው በጀት የግድያ ታሪክ ይመቻል። አንድ ቤት፣ ጥቂት ተጠርጣሪዎችና ብዙ ንግግር ይበቃዋል። ወጥመዱም እዚያው ላይ ነው፤ ፉት በወሬ ይሞላል። ተዋንያን ሳሎን ውስጥ ቆመው ሌላ ቦታ የተፈጸመውን ሲተርኩ የሚያልቁ ፊልሞች የበዙት ለዚህ ነው።

ከጄፈርሰን ፋርጆን ጽሑፍ የተወሰደው «ዘ ጎስት ካሜራ» ከዚህ ወጥመድ የሚያመልጠው በፎቶግራፍ ነው። ሄንሪ ኬንዳል የሚጫወተው መድኃኒት ቀማሚ ከዕረፍት ሲመለስ የእሱ ያልሆነ ካሜራ ዕቃው መካከል ያገኛል። የማን እንደሆነ ለማወቅ ምስሎቹን ሲያጥብ አንደኛው ግድያ የሚመስል ነገር ያሳያል፤ ወዲያውም ይሰረቃል። የቀሩት ምስሎች ወደ አንዲት ወጣት ይመሩታል። ይህችን ሴት የምትጫወተው አይዳ ሉፒኖ ናት (ዕድሜዋ ያኔ 15 ብቻ መሆኑ ዛሬ ለሚያይ ሰው ምቾት አይሰጥም)። የጠፋው ወንድሟ ጆን ሚልስ ነው። አንድ ፎቶ ብዙ ወጪ የሚጠይቀውን ያለፈ ድርጊት ይተካል፤ ተመልካቹም ምርመራውን ከገጸ ባሕርዩ ጋር እኩል በዓይኑ ይከታተላል። ታሪኩ ቦታ ፍለጋ ስለሆነ ካሜራውም ከሳሎን ለመውጣት ሰበብ ያገኛል።

ቅንብሩን የሠራው ገና ስም ያላወጣው ዴቪድ ሊን ነበር፤ በዚያው ዓመት በ«መኒ ፎር ስፒድ»ም ከቮርሃውስ ጋር ሠርቷል። በርግጥ ፊልሙ እንከን አያጣም። የኬንዳል ቀልድ አንዳንዴ ይንዛዛል፤ ካሜራው እጁ የገባበት አጋጣሚም ለማመን ይከብዳል። ከምስል ወደ ምስል ያለው ፍጥነት ግን ተመልካቹ ይህን እንዲመረምር ፋታ አይሰጠውም።

ሄገን በ1935 ርካሹን ሥራ ትቶ ወደ ትልልቅ ፊልሞች ዞረ፤ በ1937 ከሰረ። በ1938 የወጣው አዲስ ሕግ ዝቅተኛ የወጪ መጠን ሲደነግግ በፉት የሚከፈልበት ገበያ ተዘጋ። ቮርሃውስ ያኔ ሥራውን ወደ ሆሊውድ አዙሮ ነበር።