ሳተላይቱ የት እንዳለ ራሳችን እናስላ

አያት አካባቢ ለምንኖር ሰዎች ፀሐይ ከጠለቀች በኋላ ያለው አጭር ጊዜ ሰማይን ለመመልከት የተመቸ ነው። በሰሜን ምዕራብ በኩል የእንጦጦ ተራራ ጠቁሮ ይታያል። ምድሩ ጨልሞ ሳለ በመቶዎች ኪሎ ሜትር ከፍታ የሚጓዙ ሳተላይቶች ግን የፀሐይ ብርሃን ገና ስለሚያገኛቸው እንደሚንቀሳቀስ ኮከብ ያበራሉ። እንዲህ ባለ አንድ ምሽት የጎረቤቴ ልጅ፣ የ11ኛ ክፍል ተማሪ ነው፣ ስልኩን ይዞ ወደ ቆምኩበት ሰገነት መጣና “ጋሼ፣ ከሦስት ደቂቃ በኋላ ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ በእንጦጦ በኩል ይወጣል” አለኝ። እንዳለውም ወጣ። ደስታውን ከተጋራሁት በኋላ “ለመሆኑ ስልኩ በምን አወቀ?” ብዬ ጠየቅሁት። ጥቂት አሰበና “ከኢንተርኔት ነዋ!” ሲል መለሰልኝ።

ይህ የአንድ ልጅ መልስ ብቻ ቢሆን ኖሮ ብዕር ባላነሣሁ ነበር። ይሁን እንጂ ይኸንኑ ጥያቄ የኬፕለርን ሕጎች በቃላቸው ለሚወጡ፣ ፈተናውንም በጥሩ ውጤት ላለፉ የፊዚክስ ተማሪዎቼ ባቀረብሁ ጊዜ ያገኘሁት መልስ ከዚህ እምብዛም የተለየ አልነበረም። አገራችን ሳተላይት አምጥቃለች፤ በእንጦጦ አናትም የመገናኛ ጣቢያ ተክላለች። እንግዲያው የሳተላይትን ቦታ አስልቶ መናገር በሳይንስ ፋኩልቲ ካለፈ ተማሪ ሁሉ የሚጠበቅ ችሎታ እንጂ የጥቂት ባለሙያዎች ብቻ ዕውቀት ሆኖ መቅረት የለበትም። የዚህ ጽሑፍ መከራከሪያ ይኸው ነው።

በመቶ መመሪያ የሚሠራ ማሽን

ይህን ችሎታ ለማግኘት ውድ መሣሪያ ያስፈልጋል ብሎ የሚያስብ ቢኖር ታሪኩን ይመልከት። እ.ኤ.አ. በ1974 ለገበያ የቀረበው ኤች ፒ-65 የተባለ በእጅ የሚያዝ ካልኩሌተር መያዝ የሚችለው ፕሮግራም 100 መመሪያዎች ያሉትን ብቻ ነበር። ሆኖም በ1975 የአሜሪካና የሶቪየት መንኮራኩሮች በጠፈር በተገናኙበት የአፖሎ-ሶዩዝ ጉዞ ላይ አሜሪካውያኑ ጠፈርተኞች ይኸንኑ ካልኩሌተር በመጠባበቂያ ማስሊያነት ይዘውት ወጥተዋል። በ1979 የተሠራው ኤች ፒ-41ሲ ደግሞ በ1981 ከተደረገው የኮሎምቢያ የመጀመሪያ በረራ ጀምሮ መንኮራኩሯ ከየትኛው የምድር ጣቢያ ጋር መቼ መገናኘት እንደምትችል ለማስላት አገልግሏል።

በዚያው ዘመን በየቤቱ መግባት የጀመሩት የግል ኮምፒዩተሮች ማህደረ ትውስታቸው የሚለካው በኪሎባይት ነበር። የራዲዮ አማተሮች በቤዚክ ቋንቋ አጫጭር ፕሮግራሞች እየጻፉ ሳተላይቶቻቸውን የሚከታተሉት በእነዚህ ማሽኖች ነበር። እንግሊዛዊው የራዲዮ አማተር ጄምስ ሚለር ያዘጋጀው ፕላን-13 የተባለ ፕሮግራም ከእነዚህ አንዱ ሲሆን፣ ዛሬም በጥቂት ብር በሚገዙ ደቃቅ ማይክሮኮንትሮለሮች ላይ ሳይቀር ይሠራል። 4 ጊጋባይት ማህደረ ትውስታ ያለው ተራ ስልክ በ1980ዎቹ 32 ኪሎባይት ከነበረው ኮምፒዩተር ከመቶ ሺህ እጥፍ በላይ ይይዛል። እንግዲህ የጎደለን ማሽን አይደለም።

ስሌቱ ምን ይመስላል?

የሳተላይት መከታተያ ስልተ ቀመር ከአራት ደረጃዎች አያልፍም። በመጀመሪያ ሳተላይቱ በታወቀ ጊዜ የነበረበትን ቦታና በቀን ስንት ጊዜ ምድርን እንደሚዞር እንይዛለን። የጠፈር ጣቢያው በቀን 15.5 ጊዜ ያህል ይዞራል እንበል። ከመነሻው ጊዜ 10.3 ቀናት ካለፉ 159.65 ዙር አጠናቋል ማለት ነው። ሙሉዎቹን 159 ዙሮች እንጥላለን። የሚያስፈልገን ቀሪው 0.65 ብቻ ነው፤ በ360 ሲባዛ 234 ዲግሪ ይሆናል።

ሙሉውን ጥሎ ቀሪውን መያዝ ለእኛ እንግዳ አይደለም። የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንት የበዓላትንና የአጽዋማትን ቀን የሚያወጡት በዚሁ ዘዴ ነው። ለምሳሌ ለ2018 ዓ.ም. 5500 ሲደመር 7518 ዓመተ ዓለም ይሆናል። በ19 ሲካፈል 13 ይቀራል፤ አንድ ሲቀነስ ወንበሩ 12 ነው። 12 በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ አበቅቴው 12፣ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ ደግሞ መጥቅዑ 18 ይሆናል። የሁለቱ ድምር 30 በመሆኑ ስሌቱ ራሱን ያርማል። ያለ ወረቀት በጣት ለሚሰላ ስሌት የተበጀ ስልተ ቀመርና 100 መመሪያ ለሚይዝ ካልኩሌተር የተበጀ ስልተ ቀመር የሚያገናኛቸው ይህ ቁጠባ ነው።

ሁለተኛው ደረጃ የኬፕለር እኩልታ ነው። ምሕዋሩ ሞላላ በመሆኑ ሳተላይቱ ወደ ምድር ሲቀርብ ይፈጥናል፣ ሲርቅ ይዘገያል። በመሆኑም ያገኘነው አማካይ ማዕዘን መታረም አለበት። እኩልታው በቀጥታ አይፈታም፤ በመደጋገም ግን ይፈታል። አማካዩ ማዕዘን 60 ዲግሪ፣ የምሕዋሩ ሞላላነት 0.1 ቢሆን ከ60 ተነሥተን የማዕዘኑን ሳይን በ0.1 እናባዛለን፤ ውጤቱን ከራዲያን ወደ ዲግሪ ለውጠን በ60 ላይ እንደምራለን። 64.96 ይመጣል። ይህንኑ መልሰን ብናስገባ 65.19፣ አሁንም ብናስገባ 65.20 እናገኛለን፤ ከዚያ በኋላ ቁጥሩ አይንቀሳቀስም። አንባቢው በኪሱ ባለው ካልኩሌተር እንዲሞክረው አደራ እላለሁ። ሦስት ጊዜ ቁልፍ በመጫን መልሱ ሲረጋ ማየት ስለ መደጋገሚያ ዘዴ ከሚሰጥ የአንድ ሰዓት ገለጻ የበለጠ ያስተምራል።

ሦስተኛው ምሕዋሩን በጠፈር ውስጥ በትክክለኛው አቅጣጫ ማስቀመጥ ነው። ምድር ፍጹም ሉል አይደለችም፤ በምድር ወገብ በኩል ያለው ራዲየሷ በዋልታዎች በኩል ካለው በ21 ኪሎ ሜትር ገደማ ይበልጣል። ይህ እብጠት የጠፈር ጣቢያውን የምሕዋር ገጽ በየቀኑ 5 ዲግሪ ያህል ያዞረዋል። ይህን የዘነጋ ፕሮግራም በሳምንት ውስጥ 35 ዲግሪ ይስታል። አራተኛውና የመጨረሻው ደረጃ የምድርን መሽከርከር አስልቶ፣ ወደ 9 ዲግሪ ሰሜንና ወደ 39 ዲግሪ ምሥራቅ ላይ ካለው ተመልካች አንጻር ሳተላይቱ በየት አቅጣጫና ከአድማስ ምን ያህል ከፍ ብሎ እንደሚታይ ማውጣት ነው። የአየሩን ግጭትና ሌሎች ጥቃቅን ተጽዕኖዎችን የሚጨምረው፣ እ.ኤ.አ. በ1980 ከነፕሮግራሙ ለሕዝብ የታተመው ኤስ ጂ ፒ-4 የተባለ ስልተ ቀመርም መሠረቱ ይኸው ነው።

ስሌቱን በመገልበጥም ሌላ ጥቅም ተገኝቷል። ስፑትኒክ መስከረም 24 ቀን 1950 ዓ.ም. በመጠቀች በቀናት ውስጥ ዊልያም ጋየርና ጆርጅ ዋይፈንባክ የተባሉ አሜሪካውያን የፊዚክስ ሊቃውንት ከምልክቷ የድግግሞሽ ለውጥ ብቻ ተነሥተው ምሕዋሯን አወጡ። የምናውቀው ቦታ ላይ ቆመን የሳተላይቱን ምሕዋር ማወቅ ከቻልን፣ ምሕዋሩ ከሚታወቅ ሳተላይት ተነሥተን የቆምንበትን ማወቅ እንችላለን ማለት ነው። ትራንዚት የተባለው የመጀመሪያው የሳተላይት የአቅጣጫ ማወቂያ ሥርዓት የተወለደው ከዚህ ሐሳብ ነው።

ማሽን አይጠራጠርም

ይህን ትምህርት እኔም የቀሰምሁት ከስሕተት ነው። ውጭ አገር የዶክትሬት ትምህርቴን በምከታተልበት ጊዜ ከቤተ ሙከራው መሳቢያ ባገኘሁት አሮጌ ኤች ፒ-41 ላይ አንድ የመከታተያ ፕሮግራም ጽፌ ነበር። ወደ አገሬ ከተመለስሁ በኋላ በኩራት ጎረቤቶቼን ጋብዤ ከምሽቱ 4፡12 ላይ ሰገነት ላይ ሰበሰብኋቸው። ብርዱን ታግሠን ብንጠብቅም የታየ ነገር አልነበረም። በነጋታው ስመረምረው ፕሮግራሙ ያወጣው ሰዓት በዓለም አቀፍ አቆጣጠር 16፡12 ነበር። ሦስት ሰዓት ደምሬ ወደ እኛ አቆጣጠር ስለውጠው ከምሽቱ 1፡12 መሆን ሲገባው፣ እኔ ሦስቱን ሰዓት ሁለት ጊዜ ደምሬዋለሁ። ከሁሉ ያሳፈረኝ ድምሩ አልነበረም። ከምሽቱ አራት ሰዓት ላይ ያን ያህል ዝቅ ብሎ የሚበር ሳተላይት በምድር ጥላ ውስጥ ስለሚሆን ከእኛ ሰማይ ሊታይ እንደማይችል ማንም የፊዚክስ ሰው ማወቅ ነበረበት። ማሽኑ አሰላ፤ መጠራጠር የነበረብኝ እኔ ነበርሁ። ስልኩን ብቻ የሚያምን ተማሪም የሚያጣው ይህንኑ የመጠራጠር ችሎታ ነው።

በአገር ደረጃም ሊታሰብበት ይገባል። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ በደብረ ዘይት፣ በዛሬዋ ቢሾፍቱ፣ ቤከር-ነን የተባለ ግዙፍ የሳተላይት ካሜራ ተተክሎ ነበር። የአሜሪካው ስሚዝሶኒያን የሥነ ፈለክ ተቋም በዓለም ዙሪያ ካቋቋማቸው ጣቢያዎች አንዱ ነበር። ሰማዩ የእኛ ነበር፤ ካሜራው ወዴትና መቼ መዞር እንዳለበት የሚነግረው ስሌት ግን የሚመጣው ከማሳቹሴትስ ነበር። ዛሬ ብዙ ተለውጧል። በእንጦጦ ባለ 1 ሜትር መስታወት ሁለት ቴሌስኮፖች ተተክለዋል። ታኅሣሥ 10 ቀን 2012 ዓ.ም. ከቻይና የመጠቀችው፣ 70 ኪሎ ግራም ያህል የምትመዝነው ኢ ቲ አር ኤስ ኤስ-1 መረጃዋን ወደ እንጦጦ ትልክ የነበረው በኢትዮጵያውያን ባለሙያዎች ክትትል ነበር። ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ የሚበር ሳተላይት በአንድ ማለፊያ ከጣቢያው የሚታየው ከሩብ ሰዓት ላነሰ ጊዜ ነው። አንቴናው ሳተላይቱ ከአድማስ ሳይወጣ አስቀድሞ ወደ ትክክለኛው ቦታ ካልዞረ ያ ዕድል ያመልጣል። የእነዚያ ባለሙያዎች ተተኪ ከወዴት ይመጣል? ከእኛ የመማሪያ ክፍሎች ካልሆነ ከሌላ ከየትም አይመጣም።

“የተሠራ ፕሮግራም በነጻ እያለ እንደገና መጻፍ ጊዜ ማባከን ነው” የሚሉኝ ባልደረቦች አሉ። ለሥራ ከሆነ እውነታቸውን ነው፤ የተፈተነውን መጠቀም ይገባል። ለትምህርት ግን አይደለም። የማባዛት ሠንጠረዥ በየካልኩሌተሩ ስላለ ልጆቻችን ማባዛት አይማሩ አላልንም። ሌሎች ደግሞ የምሕዋሩን መነሻ ቁጥሮች ራሳቸውን የምናገኘው ከአሜሪካ ጦር የሳተላይት ዝርዝር ስለሆነ ጥገኝነቱ አይቀርም ይላሉ። ይህ ትችት ትክክል ነው። ሆኖም እያንዳንዳቸው 69 ፊደልና ቁጥር የሚይዙትን ሁለት መስመሮች ማንበብ ያልቻለ፣ ነገ በራሱ ምልከታ ሊያወጣቸው አይችልም።

ስለዚህ ሐሳቤ ይህ ነው። እያንዳንዱ የሳይንስ ፋኩልቲ ለአንደኛ ዓመት ተማሪዎቹ አንድ የሴሚስተር ሥራ ይስጥ። ተማሪው ከ200 መስመር ያልበለጠ የሳተላይት መከታተያ ፕሮግራም፣ የሌላ ሰው የተዘጋጀ የምሕዋር ስሌት ሳይጠቀም፣ በማንኛውም ቋንቋና በማንኛውም ማሽን ይጻፍ። ከዚያም ከመኖሪያው ሰገነት ወይም ከግቢው ሜዳ ሆኖ አሥር ማለፊያዎችን በዓይኑ ይከታተል፤ በስሌቱና በታየው ሰዓት መካከል ያለውን ልዩነት በሴኮንድ ይመዝግብ። ነጥብ የሚሰጠውም ልዩነቱ ከየት እንደመጣ ለሰጠው ማብራሪያ ይሁን። ሳተላይቱ በሴኮንድ 7.7 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሚጓዝ የ10 ሴኮንድ ስሕተት 77 ኪሎ ሜትር ነው፤ ማብራሪያ የሚያሻው ብዙ ይኖራል። ለዚህ የሚያስፈልገው ወጪ የአንድ ደብተርና የአንድ የእጅ ሰዓት ነው።

የጎረቤቴ ልጅ አሁን የኬፕለርን እኩልታ በመደጋገም መፍታት ተምሯል። ባለፈው ሰሞን የመጀመሪያ ስሌቱን ይዞልኝ መጣ፤ በአራት ደቂቃ ስቶ ነበር። “ጋሼ፣ ስልኩ ትክክል ነው፤ የእኔ ተሳስቷል” አለኝ አዝኖ። የት ላይ እንደተሳሳተ ግን ራሱ መፈለግ ጀምሯል፤ የምድርን እብጠት ሳይረሳ አልቀረም።